ታሪክና ገድል

ገድል የሚለው ስም ተጋደለ ከሚለው ግሥ ጋር አንድ ሥር አለው። በሥነ ጽሑፍ ገድል የሚባለው የአንድን ቅዱስ ሰው ትውልድ፣ ትምህርት፣ ተጋድሎ፣ ተአምራትና ዕረፍት የሚተርክ ድርሰት ነው።

በጎንደርና በሰሜን ተራሮች አካባቢ ያደገ ሰው የቅዱስ ያሬድን ታሪክ ሳይሰማ አይቀርም። ያሬድ በ6ኛው መቶ ዓመት በአክሱም እንደ ኖረ ይነገራል። በልጅነቱ ትምህርት አልገባው ብሎ መምህሩ ስለ ገረፈው ሸሽቶ ከአንድ ዛፍ ሥር ተቀመጠ። በዚያም አንዲት ትል ስድስት ጊዜ ወድቃ በሰባተኛው ዛፉን ስትወጣ አይቶ ወደ ትምህርቱ ተመለሰ። በኋላም በንጉሥ ገብረ መስቀል ፊት ሲዘምር የንጉሡ ጦር እግሩን ወጋው፤ ነገር ግን ዘማሪውም ንጉሡም በዜማው ተመስጠው ነበርና አላወቁም ይባላል። ካሣህን ጠይቅ ቢባል የለመነው ስንብት ብቻ ነበር፤ ከዚያም ወደ ሰሜን ተራሮች ሄዶ በምናኔ ኖረ።

ይህን የመሰለ ታሪክ በሌላም አገር አለ። በሕንድ የቡድሃ እምነት ተከታዮች ስለ 84 ጠቢባን ይተርካሉ፤ ከእነርሱም መካከል ንጉሥ፣ ሸማኔ፣ ሸክላ ሠሪና ዓሣ አጥማጅ ይገኛሉ። በቲቤት ደግሞ በ11ኛውና በ12ኛው መቶ ዓመት የኖረው ሚላሬፓ ስመ ጥር ነው። በወጣትነቱ በአስማት ሰው ገድሎ ተጸጸተ፤ መምህሩ ማርፓም የድንጋይ ግንብ ደጋግሞ እያሠራ ደጋግሞ አስፈረሰው። በኋላ በተራራ ዋሻ ውስጥ ሳማ ብቻ ሲመገብ ሰውነቱ አረንጓዴ ሆነ ይባላል። እርሱም ትምህርቱን ያስተላለፈው በመዝሙር ነበር።

ሁለቱ ባለታሪኮች በእምነትም በአገርም አይገናኙም። ሆኖም በሁለቱም ዘንድ የመምህር ጭካኔ፣ የተራራ ምናኔና መዝሙር አሉ። ሁለቱም ታሪኮች ዕውቀት በትዕግሥት እንጂ በምኞት እንደማይገኝ ያስተምራሉ።

እንግዲህ ገድልን እንዴት እናንብበው? ዛሬ የሚታወቀው የሚላሬፓ የሕይወት ታሪክ በ1488 እ.ኤ.አ. የተጻፈ ሲሆን፣ ይህም እርሱ ካለፈ ከ300 ዓመት በላይ ቆይቶ ነው። የያሬድም ገድል የተጻፈው ከዘመኑ ብዙ መቶ ዓመታት በኋላ ነው። ስለዚህ ሁሉን እንደ ዜና መዋዕል የሚቀበል ሰው ታሪክን ያደባልቃል፤ ሁሉን ሐሰት ነው ብሎ የሚጥል ደግሞ ሕዝቡ ምን ያከብር እንደ ነበረ ሳያውቅ ይቀራል። ትሏ በእርግጥ ዛፉን መውጣቷን ማንም ሊያረጋግጥ አይችልም፤ በያሬድ ስም የሚጠራው ዜማ ግን እስከ ዛሬ በጎንደር የአቋቋም ጉባኤ ቤቶች ይሰማል። ጥንቁቅ ጸሐፊ የመጀመሪያውን «ይባላል» ብሎ፣ ሁለተኛውን «ነው» ብሎ ይጽፋል።

መልመጃ

፩. በምንባቡ ውስጥ «ይባላል» እና «ይነገራል» የገቡባቸውን ዓረፍተ ነገሮች አውጡ። በ«ነው» ወይም በ«ነበር» ቢተኩ ምን ይለወጣል?
፪. በአካባቢያችሁ የሚነገር አንድ ገድል ወይም አፈ ታሪክ ጠይቃችሁ፣ የተረጋገጠውን ከሚባለው ለይታችሁ በአንድ አንቀጽ ጻፉ።