ጊዜ በስም ሲቆጠር፡ የአያንቱዎች ስሌት

ባለፈው ሴሚስተር ዶርም ውስጥ ስለ አንድ ፊልም ስንከራከር ነበር። በፊልሙ ጠቢባን የጊዜን ዙር አጥንተው የሚመጣውን ይናገራሉ። «እንዲህ ያለ ሳይንስ የፈጠራ ነው» አለ አንዱ ጓደኛዬ። እኔ ግን ጉቴ ያሉት አያቴ ትዝ አሉኝ።

አካኮ (አያታችንን እንዲህ ነው የምንጠራቸው) አንዳንድ ቀን ዘር አያስወጡም። ለምን ሲባሉ «የዛሬው ቀን አይሆንም፤ አባቴ ስሙን ያውቀው ነበር» ይላሉ። ደብተር ይዤ ብጠይቃቸው ሦስት የቀን ስሞች ቆጥረው ዝም አሉ። የቀረውን ከመጽሐፍ ፈለግሁ፤ ያገኘሁትም የወለጋን ሳይሆን የቦረናን ነው። አስመሮም ለገሠ እ.ኤ.አ. በ1973 ባሳተሙት የገዳ ጥናት ውስጥ በሰፊው ተጽፏል።

ነገሩ እንዲህ ነው። ቦረናዎች 27 የቀን ስሞች አሏቸው፤ ሳምንት የሚባል ነገር በዚህ ስሌት ውስጥ የለም። ወሩ ግን የጨረቃ ስለሆነ 29 ወይም 30 ቀን ነው። እንግዲህ አንድ ወር በመጀመሪያው ስም በቢታ ቀራ ጀመረ እንበል። 27ቱ ስሞች ያልቁና 28ኛው ቀን እንደገና ቢታ ቀራ፣ 29ኛው ቢታ በላ ይሆናል። ስለዚህ ቀጣዩ ወር በሦስተኛው ስም በሶርሳ ይጀምራል፤ ወሩ 30 ከሞላ ደግሞ በአልጋጂማ። አያንቱ የሚባለው አዋቂ ይህን ሁሉ የሚይዘው በቃሉ ነው፤ ወረቀት የለ፣ ካልኩሌተር የለ!

ለምን 27 ሆነ? ጨረቃ ከአንድ ኮከብ አጠገብ ተነስታ ወደዚያው ኮከብ ለመመለስ 27.3 ቀን ገደማ ይፈጅባታል። የሕንድ ጠቢባንም የጨረቃን መንገድ ለ27 ማደሪያ ከፍለውታል። አያንቱውም ወሩን የሚለየው ጨረቃ ከየትኛው ኮከብ ጋር እንደታየች ተመልክቶ ነው፤ ቡሳን የሚሉት ክምችት (ፕልያዴስ) አንዱ ምልክት ነው። 12 የጨረቃ ወር 354 ቀን ብቻ ስለሆነ ከፀሐይ ዓመት 11 ቀን ያህል ይጎድላል። ይህ ጉድለት እንዴት እንደሚሞላ ምሁራን እስከ ዛሬ ይከራከራሉ። የኛው ባሕረ ሐሳብ እንኳ ተመሳሳዩን ችግር በ19 ዓመት ዙር ነው የፈታው።

ከቀን በላይ ደግሞ የ8 ዓመቱ ገዳ አለ። አምስት ምድቦች ስለሚፈራረቁ ልጅ ሥልጣን የሚረከበው አባቱ ከተረከበ ከ40 ዓመት በኋላ ነው። ቦረናዎች ዳቺ የሚሉት እምነት እዚህ ይገባል፤ በአንድ ገዳ ዘመን የደረሰ ድርቅ ወይም ጦርነት ዙሩን ጠብቆ ወደ ተከታዮቹ ይመለሳል ይላሉ። እዚህ ላይ ከጓደኛዬ ጋር እስማማለሁ፤ ኮከቡ በዐይን ይፈተሻል፣ ዳቺው ግን አይፈተሽም። ቢሆንም ያለፈውን ክፉ ዘመን በዓመቱ ቆጥሮ የሚያስታውስ ሕዝብ ለድርቅ ሳይዘጋጅ አይቀርም፤ ይሄ የራሴ ግምት ነው።

ለእረፍት ስወርድ 27ቱን ስሞች ጽፌ ለአካኮ አነበብኩላቸው። አልጋጂማ ላይ ስደርስ «ቆይ እስቲ» ብለው አስቆሙኝ። አባታቸው ይህን ቀን በሌላ ስም ይጠሩት ነበር አሉ። ስሙ ግን እስክመለስ ድረስ አልመጣላቸውም። በደብተሬ ላይ ቦታውን ክፍት ትቼዋለሁ።