ስለ ባሕር ላም መጥፋትና ስለ ደንቆሮ ጫካ ቀይ ቀበሮ

የእንስሳ ዘር አንድ ጊዜ ከተቈረጠ አይቀጠልም። ይህንም ለማስረዳት አስቀድመን የሩቅ አገር ታሪክ እንናገራለን፤ ኋላም ወደ ቦረናና ወደ ሳይንት እንመለሳለን። የዓመቱ ቍጥር ኹሉ በፈረንጆች አቈጣጠር ነው።

በእስያና በአሜሪካ መካከል፥ በሰሜን ባለው ብርዳም ባሕር፥ የባሕር ላም የምትባል እንስሳ ትኖር ነበር። ዓሣ አይደለችም፤ ልጇን ጡት ታጠባ ነበር፥ ለመተንፈስም ራሷን ከውሃው በላይ ታወጣ ነበር። ርዝመቷ እስከ 8 ሜትር ይደርስ ነበር፤ ጥርስ አልነበራትም፥ ምግቧም በባሕር ዳር የሚበቅለው ሣር ነበረ። በ1741 ዓ.ም. የቤሪንግ መርከብ ወደ አንዲት ደሴት በተጣለች ጊዜ፥ ከመርከበኞቹ ጋራ የነበረው ሊቅ ስቴለር አይቶ መልኳንና ጠባይዋን ጻፈ። ከዚያ በኋላ ለጠጕራም ቆዳ ንግድ የሚሄዱ አዳኞች ሥጋዋን ስንቅ አደረጉት። እርሷም ከዳር የማትርቅ፥ ሰውንም የማትሸሽ ስለ ሆነች በጦር ይወጓት ነበር። ቈስለው ወደ ጥልቁ ሄደው የሚሞቱት ብዙዎች ነበሩና ሥጋው በከንቱ ባከነ። በ1768 ዓ.ም. የመጨረሻዪቱ ተገደለች ይባላል፤ ሊቁ ካያት 27 ዓመት ብቻ ሆነ። ይህም አንድ ልጅ ተወልዶ ትዳር እስኪይዝ ያለው ዘመን ነው። ከአዳኞቹ ወገን እያንዳንዱ የራሱን ስንቅ አየ፤ የቀረውን የሚቈጥር ግን አልተገኘም።

እኛ ባሕር የለንምና ይህ ነገር አይነካንም የሚል ሰው ይኖር ይሆናል። ነገር ግን ከመካነ ሰላም በማይርቀው በደንቆሮ ጫካ፥ ከላይ በአስታውና በጅብራው መካከል፥ ቀይ ቀበሮ ይኖራል። ይህ አውሬ ከኢትዮጵያ በቀር በዓለም የትም አይገኝም፤ መኖሪያውም ከ3,000 ሜትር በላይ ያለው ውርጫም አገር ነው። በአገራችን ያሉት ዐዋቂዎቹ ኹሉ ቢቈጠሩ 500 አይሞሉም፤ ከእኩሌታ የሚበልጡትም በባሌ ናቸው። ከዓባይ ማዶ በጎጃም በጮቄ ተራራ ነበረ፤ ዛሬ ግን ከዚያ ጠፍቷል።

የሚያጠፋው ነገር በተለይ ሁለት ነው። አንደኛው እርሻ ነው፤ የገብሱ ማሳ ወደ ደጋው ራስ በወጣ ቍጥር ቀበሮው የሚያድናቸው አይጦች መኖሪያ ይጠብባል፥ እርሱም ከተራራው ራስ በላይ የሚሸሽበት የለውም። ሁለተኛው ውሻ ነው፤ ከከብት ጋራ የሚወጣ ውሻ የእብደት በሽታ ይሰጠዋል። ቀበሮዎች ለየብቻ ቢያድኑም በማኅበር የሚኖሩ ናቸውና በሽታው ከአንዱ ወደ ሌላው ይጋባል። በ2003 ዓ.ም. በባሌ በወብ ሸለቆ ከዚህ በሽታ የተነሣ ከአራት ቀበሮ ሦስቱ ያህል አለቁ።

በግ ይነጥቃል ብለው የሚከሱት አሉ። ይህ አልፎ አልፎ ቢሆንም፥ የዘወትር ምግቡ አይጥና ፍልፈል ነው፤ እነዚህም የገበሬው ጠላቶች ናቸው።

መድኀኒቱ ከእኛ እጅ አይርቅም። የመንዝ አባቶች ጓሳውን በቀሮ ሥርዐት ለዓመታት እየዘጉ፥ ሣሩ ሲደርስ በዳኝነት ይከፍቱት ነበር። ሥርዐቱ በ1975 ዓ.ም. በወጣው የመሬት ዐዋጅ ቢፈርስም፥ አባቶች የጠበቁት ጓሳ ቀበሮውን እስከ ዛሬ አኑሮታል።

ስለዚህ ሽማግሎች የእርሻውን ወሰን ይጠብቁ፤ ባለ ውሾችም ውሾቻቸውን ያስከትቡ፥ ወደ ጫካውም አይልቀቁ። መምህራን ደግሞ ይህን ታሪክ ለልጆች ያስተምሩ። የባሕር ላም ዛሬ በመጽሐፍና በአጥንቷ ብቻ ትታወቃለች፤ የደንቆሮን ቀበሮ ግን የእረኛው ልጅ ገና በዓይኑ ያያል።